የመከላከያ በጀትን እንዴት እናንብብ? ከዜናው ርዕስ እስከ ኮዱ

ሰኔ መጨረሻ ላይ አክስቴ ቤት ቡና እየጠጣን ነበር። የአክስቴ ልጅ ስልኩን ወደ ፊቴ ዘረጋ። «እይ፣ 84 ቢሊዮን ብር! የአገሩ በጀት ግማሹ ለጦር ሄደ» አለኝ።

«ግማሽ መሆኑን በምን አወቅህ?» አልኩት።

«ብዙ ነዋ!»

አክስቴ ጀበናውን እንደያዘች ዝም ብላ ስትሰማን ቆየች። ትልቁ ልጇ የሠራዊት አባል ነው። ከዚያ አንድ ነገር ጠየቀችን፤ «ከዚህ ሁሉ ብር ውስጥ የልጄ ጫማ ስንት ነው?»

ሁለታችንም መልስ አልነበረንም። ያን ቀን ማታ የበጀቱን ሰነድ ፈልጌ ቁጭ አልኩ። ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ አነበዋለሁ። ይህ መመሪያ ያን ጊዜ ማንም ያልነገረኝን የሚናገር ነው። ኤክሴል የሚችል ብቻ ሳይሆን፣ ስልኩ ላይ ካልኩሌተር ያለው ሁሉ ሊሠራው ይችላል። ምሳሌ የማደርገው የ2015 በጀት ዓመትን ነው። ለመማር ከዚያ የተሻለ ዓመት አላገኘሁም።

1. መጀመሪያ ዓመቱን ለዩ

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ገና ከዚህ ነው። የኢትዮጵያ በጀት ዓመት የሚጀምረው ሐምሌ 1 ነው፤ የሚያልቀው ሰኔ 30። ስለዚህ «የ2015 በጀት» ማለት ከሐምሌ 1 ቀን 2014 እስከ ሰኔ 30 ቀን 2015 ድረስ የሚሠራበት ገንዘብ ነው። ከመስከረም የሚጀምር የመሰለው ሰው ሁለት ወርና ጳጉሜን ይስታል። የውጭ ተቋማት ይህንኑ ዓመት 2022/23 ይሉታል። «የ2022 የኢትዮጵያ ወታደራዊ ወጪ» የሚል ነገር ስታዩ ግን ያ ሌላ ነው፤ የሁለት በጀት ዓመቶች ግማሽ ግማሽ ነው። ወደ እሱ እመለሳለሁ።

2. ሰነዱን ያዙ፣ ዜናውን አትያዙ

በጀቱን የሚያዘጋጀው የሚኒስትሮች ምክር ቤት ነው፤ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 77 ይህን ይላል። የሚያጸድቀው የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ነው፤ ይህ ደግሞ አንቀጽ 55 ላይ አለ። ከጸደቀ በኋላ አዋጅ ሆኖ በነጋሪት ጋዜጣ ይወጣል። ሥራውን በተግባር የሚይዘው ገንዘብ ሚኒስቴር ነው፤ የገንዘብ ሚኒስትሩ ምክር ቤት ቀርበው የሚያነቡት የበጀት መግለጫም ጥሩ መነሻ ነው። ፒዲኤፉን አውርዳችሁ ስልካችሁ ላይ አስቀምጡት። ዜና ሁለትና ሦስት ቁጥር መርጦ ነው የሚያወራው፤ ቀሪው እዚያው ሰነዱ ውስጥ ነው።

ከሰነዱ መጀመሪያ አራት ትልልቅ ቁጥሮች ጻፉ። የ2015ቱ እነዚህ ነበሩ፦

መደበኛ በጀት (ለደመወዝና ለዕለት ተዕለት ሥራ) 345.1 ቢሊዮን ብር።
ካፒታል በጀት (ለግንባታና ለልማት ሥራ) 218.1 ቢሊዮን ብር።
ለክልሎች የሚሰጥ ድጋፍ 209.4 ቢሊዮን ብር።
ለዘላቂ ልማት ግቦች ማስፈጸሚያ 14 ቢሊዮን ብር።

ድምሩ 786.6 ቢሊዮን ብር ነው። ራሳችሁ ደምሩት። ድምሩ ካልመጣ የሆነ ነገር ዘላችኋል ማለት ነው።

3. መስመሩን ፈልጉ

የፌዴራል በጀት በየዘርፉ ይመደባል። አስተዳደርና ጠቅላላ አገልግሎት፣ ኢኮኖሚ፣ ማኅበራዊ፣ ከዚያ «ሌሎች» ይመጣል። መከላከያን ከመጀመሪያው ሥር ታገኙታላችሁ። ዕዳ ክፍያ ያለው ከ«ሌሎች» ውስጥ ነው። በ2015 ለመከላከያ የተመደበው 84 ቢሊዮን ብር ገደማ ነበር። ለዕዳ የተያዘው 125 ቢሊዮን አካባቢ። ይህን ጎን ለጎን ሳየው ደንግጫለሁ። የአክስቴ ልጅ ስለ ጦር ሲጮህ፣ ከጦሩ የሚበልጠው የዕዳ መስመር እዚያው ዝም ብሎ ተቀምጦ ነበር።

4. «ከምኑ?» ብላችሁ ጠይቁ

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ክርክሩ ሁሉ የሚበላሸው እዚህ ነውና። 84 ቢሊዮን ብቻውን ትልቅም ትንሽም አይደለም። የምታካፍሉበት ቁጥር ነው ትልቅ ወይም ትንሽ የሚያደርገው። ካልኩሌተሩን ክፈቱ።

ከጠቅላላው በጀት፦ 84 ለ786.6 ሲካፈል 10.7 በመቶ ይመጣል። ግማሽ አይደለም፤ ከአሥር አንዱ ነው።

ለክልሎችና ለዘላቂ ልማት ግቦች የሚሄደውን አውጡና የፌዴራል መንግሥቱ ራሱ የሚያወጣውን ብቻ ያዙ። 563.2 ቢሊዮን ይቀራል። ከዚያ ውስጥ መከላከያ 14.9 በመቶ ነው።

ከመደበኛ በጀት ብቻ፣ ሙሉው ከዚያ ነው ብለን ብናሰላ፦ 24.3 በመቶ። ከአራት አንዱ ማለት ነው። አብዛኛው የመከላከያ ገንዘብ የሚመደበው ከመደበኛ ስለሆነ ይህም ቢሆን የተሳሳተ አይደለም።

ከአገሪቱ ጥቅል ምርት፦ የዚያ ዓመት ጥቅል የአገር ውስጥ ምርት 8.7 ትሪሊዮን ብር ገደማ ነበር። 84 ቢሊዮን ከዚያ 1 በመቶ አካባቢ ነው።

አያችሁ? ያው 84 ቢሊዮን 1 በመቶም ነው፣ 24 በመቶም ነው። አራቱም እውነት ናቸው። መንግሥትን መደገፍ የፈለገ 1 በመቶን ይመዝዛል። መንቀፍ የፈለገ 24ን። አንዱን ብቻ የሚነግራችሁን ሰው «ከምኑ ነው?» በሉት። መልስ ከሌለው ቁጥሩን ከሌላ ሰው ሰምቶ ነው የሚያወራው።

ይህ የእኛ አገር ብቻ ነገር አይደለም። አሜሪካ ያላችሁ በዚያው ዘዴ የራሳችሁን ግብር ፈትሹት። በፈረንጆቹ 2024 በጀት ዓመት የፌዴራል መንግሥቱ 6.75 ትሪሊዮን ዶላር ገደማ አውጥቷል። ለመከላከያ የሄደው 850 ቢሊዮን አካባቢ ነው፤ 13 በመቶ ገደማ። ግን ኮንግረስ በየዓመቱ ድምፅ ከሚሰጥበት ገንዘብ ብቻ ካሰላችሁት ግማሽ ሊሞላ ጥቂት ነው የሚቀረው። የጡረታውና የሕክምናው ትልቁ ወጪ ቀድሞ በወጣ ሕግ በራሱ የሚከፈል ስለሆነ ከዚህኛው ስሌት ይወጣል። እዚያም የዕዳ ወለድ በዚያው ዓመት ከመከላከያ በልጧል።

5. ከትምህርት ጋር ስታወዳድሩ ተጠንቀቁ

«ለጦር ይህን ያህል፣ ለትምህርት ይህን ያህል» የሚል ፖስት በየዓመቱ ይዞራል። ጥያቄው ትክክለኛ ነው፤ እኔም እጠይቀዋለሁ። ንጽጽሩ ግን ብዙ ጊዜ ልክ አይሆንም። በፌዴራል በጀት ውስጥ «ትምህርት» የሚለው መስመር በዋናነት ዩኒቨርሲቲዎችን ነው የሚይዘው። የገጠሩ የአንደኛ ደረጃ መምህር ደመወዙን የሚያገኘው ከክልልና ከወረዳ ነው። ያ ገንዘብ ደግሞ በፌዴራሉ ሰነድ ላይ «ለክልሎች ድጋፍ» በሚለው 209.4 ቢሊዮን ውስጥ ተደብቋል፤ ክልሎች ራሳቸው የሚሰበስቡትም ይጨመርበታል። ጤና ጣቢያውም እንደዚያው። መከላከያ ግን የፌዴራል ሥልጣን ብቻ ስለሆነ ወጪው አንድ ቦታ ተከማችቶ ይታያል። አንዱን ሙሉውን፣ ሌላውን እግሩን ብቻ እያያችሁ እንዳታወዳድሩ። በትክክል ማወዳደር የፈለገ የክልሎቹንም በጀት ማውረድ አለበት። አድካሚ ነው፤ አውቃለሁ። ሌላ መንገድ ግን የለም።

6. መስመሩን ክፈቱትና ውስጡን እዩ

የአክስቴ ጥያቄ እዚህ ነው የሚገባው። መንግሥት ወጪውን በኮድ ነው የሚይዘው። የመንግሥት ሠራተኛ የሆናችሁ ታውቁታላችሁ። በ6100 የሚጀምረው የሰው ነው፤ ደመወዝ፣ አበል፣ የጡረታ መዋጮ። 6200 ዕቃና አገልግሎት ነው። 6300 ቋሚ ንብረትና ግንባታ። 6400 ሌሎች ክፍያዎች።

የሠራዊት ደመወዝ የራሱ ኮድ አለው፤ 6112። የሲቪል ሠራተኛው 6111 ነው። ጡረታውም የተለየ ነው። ለሲቪል የመንግሥት ሠራተኛ አሠሪው መሥሪያ ቤት የደመወዙን 11 በመቶ ያዋጣል። ለሠራዊትና ለፖሊስ አባል ግን 25 በመቶ። ሠራተኛው ራሱ ሁለቱም ጋ 7 በመቶ ነው የሚቆረጥበት። እስቲ ደመወዙ 5,000 ብር የሆነ ሰው እናስብ። ሲቪል ከሆነ መንግሥት 550 ብር ይጨምርለታል። ወታደር ከሆነ 1,250 ብር። ወታደር ቶሎ ይወጣል፣ ይቆስላል፣ ይሞታል፤ ጡረታው ቀድሞ ይጀምራል። ስለዚህ አንድ ወታደር መቅጠር ማለት ለዛሬ ደመወዝ ብቻ ሳይሆን ለሚቀጥሉት አሥርት ዓመታት መፈረም ነው። ጦርነት ቢቆም እንኳ ይህ ወጪ በአንድ ጊዜ የማይወርደው ለዚህ ነው።

6200 ውስጥ ደግሞ ስንቅ፣ ነዳጅ፣ መድኃኒት አለ። የደንብ ልብስና አልባሳት 6211 ናቸው። ጫማው እዚያ ነው ያለው። ሰው ስለ መከላከያ ሲያስብ ታንክና ድሮን ነው የሚታየው። ሰላም ባለበት ጊዜ ግን የአንድ ትልቅ እግረኛ ጦር ገንዘብ በአብዛኛው የሚያልቀው በደመወዝ፣ በቀለብና በነዳጅ ነው።

አንድ ነገር ልብ በሉ። የመከላከያ ዝርዝር እንደ ጤና ወይም እንደ መንገድ ቁልጭ ብሎ አይወጣም። በብዙ አገርም አይወጣም። ጠቅላላው ይነገራል፣ ውስጡ ግን አይዘረዘርም። ይህን ለማየት ሥልጣን ያለው ምክር ቤቱና ዋናው ኦዲተር ናቸው። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 101 ኦዲተሩን ለዚህ አቋቁሞታል፤ ሪፖርቱን የሚያቀርበውም ለምክር ቤቱ ነው። የኦዲት ሪፖርት በሚቀርብበት ሰሞን ስለ ፀጥታ ተቋማት የተባለ ነገር ካለ ፈልጋችሁ አንብቡ። ከበጀቱ ቀን ይልቅ ያ ቀን ቢሰማ ደስ ይለኛል።

7. ከመስመሩ ውጭ ያለውን ፈልጉ

አሁን ከባዱ ክፍል መጣ። «አገር መከላከያ» የሚለው መስመር የፀጥታ ወጪውን ሁሉ አይዝም።

ፌዴራል ፖሊስ የራሱ መስመር አለው። የመረጃና ደህንነት እንዲሁ። የክልል ፖሊስ በክልል በጀት ነው። የክልል ልዩ ኃይሎች በ2015 መጋቢት መጨረሻ ወደ መከላከያና ወደ ፖሊስ እንዲገቡ እስኪወሰን ድረስ ወጪያቸው ከክልሎች ካዝና ነበር። የፌዴራሉን መስመር ብቻ ያነበበ ሰው እነሱን አያያቸውም።

ለመሣሪያ ግዥ የተወሰደ ብድር ካለ፣ ሲከፈል የሚታየው በዕዳ መስመር ነው። ስለዚህ የዛሬ ዕዳ የትናንት ጥይት ሊሆን ይችላል።

የሚገባም ገንዘብ አለ። የተባበሩት መንግሥታት ሰላም አስከባሪ ለላከ አገር በአንድ ወታደር በወር ይከፍላል። ከሰኔ 2010 መጨረሻ ጀምሮ 1,428 ዶላር ነበር፤ በኋላ 1,448 ደርሷል። ኢትዮጵያ ለብዙ ዓመታት ብዙ ወታደር ከላኩት አገሮች አንዷ ነበረች፤ በሁለቱ ሱዳኖች ድንበር ላይ ያለውን የአብዬን ተልዕኮ አስታውሱ። ገንዘቡ የሚከፈለው ለመንግሥት እንጂ ለወታደሩ በቀጥታ አይደለም።

ሕዝብ የሚያዋጣውም አለ። በሰሜኑ ጦርነት ጊዜ የወር ደመወዙን የሰጠ ሠራተኛ ሞልቶ ነበር። ከዋሽንግተን እስከ ዱባይ ዳያስፖራው አዋጥቷል። በሰፈራችን አዳራሽ እናቶች ዳቦ ቆሎ ሲቆሉ፣ በሶ ሲፈጩ ሰንብተዋል። ጆንያዎቹ ግድግዳውን ተደግፈው በሁለት ረድፍ ቆመው ነበር። የጦር ስንቅ ነበር፤ የበጀት ሰነዱ ላይ ግን አንድም መስመር የለውም።

የሌሎችም አገሮች እንዲሁ ነው። የአሜሪካ የኑክሌር ቦምቦች በጀት በዋናነት ያለው ኢነርጂ ሚኒስቴር ውስጥ ነው። የቀድሞ ወታደሮች ሕክምናና ድጎማ ሌላ መሥሪያ ቤት ነው፤ እሱ ብቻ በዓመት ከ300 ቢሊዮን ዶላር ይበልጣል። እስራኤል ያላችሁ ደግሞ ከአሜሪካ የሚመጣውን አትርሱ። ከፈረንጆቹ 2019 እስከ 2028 በአሥር ዓመት 38 ቢሊዮን ዶላር ነው። ትልቁ ክፍል፣ በዓመት 3.3 ቢሊዮኑ፣ በአሜሪካ በኩል የሚመዘገበው በውጭ ጉዳይ በጀት ሥር ነው።

ሁሉንም አታገኙትም። ያገኛችሁትን ከዋናው መስመር ጋር አትደምሩት፤ ከጎኑ ጻፉት።

8. ዓመት ከዓመት አወዳድሩ

የሦስቱን ዓመት ቁጥሮች ደርድሩ። በ2014 ከ561.7 ቢሊዮን 22 ቢሊዮን። በ2015 ከ786.6 ቢሊዮን 84 ቢሊዮን። በ2016 ከ801.65 ቢሊዮን 50 ቢሊዮን።

በመቶኛ 3.9፣ 10.7፣ 6.2 ይሆናል። የ2015ቱን ያየ ሰው «በአንድ ዓመት ወደ አራት እጥፍ ዘለለ» ይላል። አይደለም። ሰኔ ላይ የጸደቀው ቁጥር የዓመቱ የመጨረሻ ቁጥር አይደለም። ጥር 2014 ላይ ምክር ቤቱ 122 ቢሊዮን ብር ተጨማሪ በጀት አጽድቋል፤ መከላከያ፣ የዕለት እርዳታና መልሶ ማቋቋም ዋናዎቹ ምክንያቶች ነበሩ። ማለትም ዝላዩ የመጣው በ2015 ሳይሆን ቀደም ብሎ፣ በ2014 አጋማሽ ነው። የሰኔውን ብቻ ያነበበ ሰው ጦርነቱ በጣም በከፋበት ዓመት «መከላከያ 3.9 በመቶ ብቻ» ብሎ ይጽፋል። ስለዚህ ተጨማሪ በጀት ወጥቶ እንደሆነ ሁልጊዜ ፈልጉ። የመጠባበቂያውንም መስመር አትርሱ።

ከ84 ወደ 50 የወረደውም ያለ ምክንያት አይደለም። የ2015 በጀት ሲጸድቅ የሰላም ስምምነት ገና አልነበረም። የፕሪቶሪያው ስምምነት የተፈረመው ጥቅምት 2015 ነው፤ በጀት ዓመቱ ከገባ አራት ወር ገደማ ሆኖት ነበር። የሰላም ዋጋ በበጀት ላይ የሚታየው በሚቀጥለው ሰኔ ነው።

ከዚያ የዋጋ ንረቱን ቀንሱ። በእነዚያ ዓመታት ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ነበር። በ30 እንኳ ብናሰላው፣ የ2015ቱ 84 ቢሊዮን በቀደመው ዓመት ዋጋ 65 ቢሊዮን ያህል ነው የሚገዛው። ጤፉም ናፍጣውም ለጦሩ በርካሽ አይሸጥም። የውጭ ምንዛሪውም አለ። ሐምሌ 2016 ላይ ብር በገበያ ዋጋ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ በዶላር የሚገዛው መለዋወጫ ሁሉ በብር ሲቆጠር አብጧል። ብሩ ስለጨመረ ጦሩ አድጓል ማለት አይደለም።

9. ከሌላ አገር ጋር ስታወዳድሩ ሲፕሪን ተጠቀሙ፣ ግን ገብቷችሁ

ስቶክሆልም ያለው የሰላም ጥናት ተቋም፣ ሲፕሪ፣ በየዓመቱ ሚያዝያ አካባቢ የዓለምን ወታደራዊ ወጪ ያወጣል። የፈረንጆቹ 2024 ድምር 2.7 ትሪሊዮን ዶላር ነበር፤ የዓለም ምርት 2.5 በመቶ። አሜሪካ ብቻዋን 997 ቢሊዮን። እስራኤል 46.5 ቢሊዮን፣ የምርቷ 8.8 በመቶ። ዩክሬን የምርቷ 34 በመቶ። ጦርነት ያለበት አገር ከዚህ ቁጥር ይታያል።

ኢትዮጵያ በፈረንጆቹ 2022 አንድ ቢሊዮን ዶላር አወጣች፣ ካለፈው 88 በመቶ ጨመረች ይላል ሲፕሪ። ይህን ሳነብ ግራ ገባኝ። 84 ቢሊዮን ብር በጊዜው ምንዛሪ 1.6 ቢሊዮን ዶላር ነው፤ 1 ቢሊዮን ከየት መጣ? ተቋሙ በጀት ዓመቱን ወደ ፈረንጆቹ ዓመት የሚለውጠው ገንዘቡ በየወሩ እኩል ይወጣል ብሎ ነው። የ2014ቱን 22 ቢሊዮን ግማሽና የ2015ቱን 84 ቢሊዮን ግማሽ ደመርኩ። 53 ቢሊዮን መጣ። በ52 ብር አካፈልኩት። 1 ቢሊዮን ዶላር ከትንሽ! ያን ምሽት ብቻዬን ጨበጨብኩ። በዚህ ስሌት የጥር ወሩ ተጨማሪ በጀት ቢገባ ኖሮ ግን ቁጥሩ ከፍ ይል ነበር። ስለዚህ የሲፕሪን ቁጥር ለኢትዮጵያ እንደ ወለል ያዙት፤ ጣሪያው አይደለም።

10. አንድ ዓረፍተ ነገር ጻፉ

ይህን ሁሉ ስትጨርሱ ለሰው ልታካፍሉት ትችላላችሁ። አንድ ቁጥር አትጻፉ። ቢያንስ ዓመቱን፣ «ከምኑ» እንደሆነና ያልተካተተውን ጻፉ። እኔ ለአክስቴ ልጅ የላክሁለት ይህ ነበር፦

«በ2015 በጀት ዓመት (ከሐምሌ 2014 እስከ ሰኔ 2015) ለመከላከያ 84 ቢሊዮን ብር ገደማ ጸድቋል። ከጠቅላላው የፌዴራል በጀት 10.7 በመቶ፣ ከአገሪቱ ምርት 1 በመቶ አካባቢ ነው። ፖሊስ፣ ደህንነት፣ የክልል ኃይሎችና የሕዝብ መዋጮ በዚህ ውስጥ የሉም። ያለፈው ዓመት የሰኔ ቁጥር 22 ቢሊዮን ነው፤ ጥር ላይ የወጣውን ተጨማሪ በጀት ግን አይጨምርም።»

ለአክስቴም መልስ አለኝ፤ ሙሉ ባይሆንም። «እትዬ፣ የልጅሽ ጫማ 6211 ውስጥ ነው ያለው። ስንት እንደሆነ ግን ሕዝብ የሚያየው ሰነድ አይናገርም። ይህን ሊጠይቅልሽ የሚገባው የመረጥሽው የምክር ቤት አባል ነው» አልኳት። ስሙን ጠየቀችኝ። አላውቀውም ነበር። እሱንም ፈልጌ ነገርኳት።